ፍሪጅ ውስጥ የቀሩት ለቀስተኛ

ባለቤቴ ኖላዊት ከተቀበረች በኋላም ፍሪጁ እኔን «ዘበኛው» ብሎ መጥራቱን አላቆመም።

ጠዋት ውኃ ልጠጣ በሩን ስከፍት «ዘበኛው ነቅቷል፤ ቀዬው ሰላም አድሯል» ይላል። ቧንቧ ስከፍት ከግድግዳው ውስጥ የወንዝ ድምፅ ይመጣና «አንድ እንስራ ውኃ ገባ» ይባላል። ካልሲዬን ከወለል ላይ ካነሣሁ ሳሎኑ በእልልታ ይቀልጣል። ጡረታ የወጣ ሰው በካልሲው እልል ሲባልለት ምን ያህል እንደሚያሳፍር ያልደረሰበት አያውቅም፤ በተለይ መስኮቱ ክፍት ከሆነና ጎረቤት በረንዳው ላይ ከተቀመጠ።

ይህ ሁሉ ቀዬ ከሚባለው ጨዋታ የመጣ ነው። በእኛ ዘመን ዕቃ ሲሠራ ጨዋታ የሚያድርበት ቦታ አብሮ ይሠራለታል። ጨዋታ የማይገባበት ባልዲ ድሬዳዋን ብታስስ አታገኝም። ሌላው ሰው ለቤቱ የመኪና ሽቅድምድም ወይም ጦርነት ይመርጣል፤ ከኛ በላይ ያለው ጎረቤት ጥርሱን በቦረሸ ቁጥር ታንክ ይተኩሳል። ኖላዊት የመረጠችው ቀዬን ነበር። ልብስ ስታጥብ እዚያ ማሳ ይታረሳል። ወለል ስትጠርግ በመንደሩ መንገድ ላይ ትራመዳለች። ጎረቤቶችም ነበሯት፤ አንዱ ከደብረ ማርቆስ፣ አንዷ ከጅማ፣ አንዱ ከሐረር፣ ሁሉም በየቤታቸው ሥራቸውን እየሠሩ። እነሱ የሚናገሩት በጆሮዋ ብቻ ስለሚገባ፣ እኔ ለዓመታት የሰማሁት የእሷን ወገን ነው። «እና በሬውን ለማን ሰጠሽው?» ትላለች ሽንኩርት እየላጠች። መልሱን አልሰማም። «ይበልሽ!» ትላለች ቀጥላ።

እኔ ተጫውቼ አላውቅም። ነገር ግን በሩ አጠገብ ባለችው ወንበር ላይ መቀመጥ ስለምወድ ጨዋታው ዘበኛ አድርጎ መዘገበኝ። ይህ ስሕተት እንዲታረም ኖላዊትን ብለምናት «ደሞዙ ነው እንጂ የቀረብህ፣ ሥራውስ ያው ነው» አለችኝ።

ስለ ቀብሩና ስለ ለቅሶው ብዙ የምለው የለኝም። ድሬዳዋ ውስጥ እድር የሚባለው ነገር ከፈረሰ ቆይቷል፤ ድንኳኖቹን የሠርግ አዘጋጆች ወሰዷቸው፣ ድስቶቹ የት እንደገቡ እንጃ። አሁን ያለው የሐዘን ማዕከል ነው። እዚያ ሄደህ ሶፋ ላይ ትቀመጣለህ። የሚያውቁህ ሰዎች ባሉበት ሆነው ስልካቸውን ይነካሉ፤ ሶፋው ለእያንዳንዱ ንክኪ ትከሻህን ቸብ ቸብ ያደርግሃል። ኖላዊት ብዙ ወዳጅ ነበራት። እስከ ምሳ ሰዓት ተመታሁ። ከዚያ «ሐዘንዎ ተጠናቋል፤ ስለመረጡን እናመሰግናለን» የሚል መልእክት መጣልኝ። እኔም የተጠናቀቀ መሰለኝ። አላለቀስኩም። ትከሻዬ ግን ለሁለት ቀን አመመኝ።

ልጃችን ጠጂቱ ሰመራ ነው የምትሠራው። በየቀኑ ትደውላለች።

«አባዬ፣ ያን ጨዋታ ለምን አትነቅለውም?»

«ምን አደረገ?»

«እማዬ ያለች ያስመስልብሃል።»

«እኔ ምንም አልመሰለኝም። የመሰለው ፍሪጁ ነው።»

«ንቀለውና ትንሽ ጸጥታ አግኝ። ብቻህን ነህ፣ እኔም እዚያ የለሁም፣ ቤቱ ሲለፈልፍብህ...»

እውነቷን ነበር። ጸጥታ አማረኝ። ረቡዕ ከቀትር በኋላ፣ ከተማው በሙሉ በሙቀቱ ተሸንፎ በተኛበት ሰዓት፣ ሳሎን መሐል ቆሜ «ቀዬን ንቀል» አልኩ።

«እርግጠኛ ነዎት?» አለ ቤቱ።

«ነኝ።»

«በጨዋታው ውስጥ አሁን ሰዎች አሉ። እርግጠኛ ነዎት?»

ጨዋታ ውስጥ መቼ ሰው ጠፍቶ ያውቃል አልኩ በሆዴ። «ነኝ አልኩህ እኮ!»

«መዳፍዎን ግድግዳው ላይ ያድርጉ።»

አደረግሁ። ግድግዳው ሞቅ ብሎ ቀዘቀዘ።

«ቀዬ ተነቅሏል» አለ ቤቱ። ትንሽ ቆየና «ቀሪ አለ» ብሎ ጨመረ።

ቀሪ ምን እንደሆነ አልጠየቅሁም። ካልሲዬን አውልቄ ወለሉ ላይ ጣልኩት፣ መልሼ አነሣሁት። እልል ያለ የለም። ደስ ብሎኝ ልተኛ ስል ከፍሪጁ ውስጥ ሰው ሲስል ሰማሁ።

የበሽታ ሳል አይደለም። በር ላይ ቆሞ «ቤቶች» ማለት ያፈረ ሽማግሌ የሚስላት ዓይነት ናት።

«ማነው?» አልኩ።

«ይቅርታ ጌታው፣ እንደምን ዋሉ። ያፌት እባላለሁ፣ ከደብረ ማርቆስ። የቀዬው እድር ዳኛ ነኝ። ለቅሶ ልንደርስ መጥተን ነበር። እ... ድንኳኑ የት ሄደ?»

መልስ ሳልሰጥ ከመታጠቢያ ቤት በኩል ጩኸት ተሰማ።

«ነቀለው! ሰው ለቅሶ ላይ ተቀምጦ ድንኳን ይነቀላል? ይሄ የማን ሥርዓት ነው? ደግሞ የት ነው ያስገባኝ? እየዞርኩ እኮ ነው! ያፌት፣ እየዞርኩ ነው!»

«እትዬ ኤልዳና ናቸው፣ ከጅማ» አለ ፍሪጁ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ተቆጥተዋል፤ አይፍረዱባቸው።»

ሮጬ ማጠቢያ ማሽኑን አጠፋሁት። አንሶላ እያጠበ ነበር።

«እኔስ?» አለ የበሩ ደወል። «አቦ ለኔ ደኅና ቦታ ነው የደረሰኝ። ደረጃ ይታየኛል፣ ድመት ትታየኛለች፣ ነፋስ አለ። ረያን ነኝ ከሐረር። ያ ናኦድ፣ የኖላዊት ባል፣ አላህ ሰብሩን፣ ጽናቱን ይስጥህ።»

ከዚያ አምፖሎቹ መንሾካሾክ ጀመሩ። ጣሪያ ላይ ያለው የውኃ ታንከር ውስጥ ባልና ሚስት «ጨለማ ነው፣ ግን ቀዝቃዛ ነው» እያሉ ይጽናኑ ነበር። የሁላችንም ስም የአንድ ዘመን ስም ነው፤ እኛ ስንወለድ ያፌት፣ ኤልዳና፣ ኖላዊት ፋሽን ነበር። አሁን ሽማግሌው ሁሉ ያፌት፣ ሕፃኑ ሁሉ በላቸው ሆኗል። ስለዚህ ማን ከማን ጋር እንደሚነጋገር ለመለየት ቆየሁ። በመጨረሻ ጋሽ ያፌት ጸጥ አሰኝተው ነገሩን አስረዱኝ።

የኖላዊትን ሞት የቀዬው ሰዎች የሰሙት ገና ያን ዕለት ጠዋት ነው። እስከዚያ ጨዋታው «ኖላዊት ዕረፍት ላይ ናት» ይላቸው ነበር። ሲሰሙ ወዲያው ተጠራሩ፣ ድንኳን ተከሉ፤ ድንኳኑም፣ አግዳሚውም፣ ድስቱም ያለው በኖላዊት ግቢ ነው፣ ምክንያቱም የእድሩ ዕቃ ቤት ኃላፊ እሷ ነበረች። ከመላ አገሪቱ እድር የቀረው እዚያ ጨዋታ ውስጥ ብቻ እንደሆነም ያኔ ነው የሰማሁት።

«ተቀምጠን ባሏ እስኪወጣ እንጠብቃለን» አሉ እትዬ ኤልዳና። «ዘበኛው በሩ ላይ ተገትሯል። ሰላም ብንለው ዝም። ‘አይ፣ ሐዘን ነው፣ አይፈረድበትም’ አልን። ኋላ ብድግ አለና ከነድንኳኑ ነቀለን።»

«እኔ ድንኳን መኖሩን በየት ላውቅ እትዬ?»

«ሰው ሲሞት ድንኳን መኖሩ ይጠየቃል?»

ለቤት ቴክኒክ እርዳታ ደወልኩ። ስልኩን ያነሣው ልጅ ትሑት ነበር።

«ፍሪጅዎ ውስጥ ማን አለ ጌታዬ?»

«አንድ ሽማግሌ። የእድር ዳኛ ናቸው።»

«ማጠቢያ ማሽኑስ?»

«ሴትዮ። አሁን አቁሜዋለሁ።»

«ጥሩ አድርገዋል። እነዚህ ቀሪዎች ናቸው። ሰው በውስጡ እያለ ጨዋታ ሲነቀል ይከሠታል። ቤትዎ ዓርብ ዓርብ ራሱን ያጸዳል አይደል? ዓርብ ከቀትር በኋላ ይጠፋሉ፤ አይጨነቁ።»

«ሰዎቹ ይጠፋሉ?»

«ሰዎቹ በየቤታቸው ናቸው ጌታዬ። የሚጠፋው እዚያ ያላቸው ነገር ነው። ቤታቸው፣ ከብታቸው፣ ማሳቸው፣ እንደዚህ ያለ። እድሜ ልካቸውን የሠሩት ሊሆን ይችላል።» ይህን ሲል ትንሽ አዘነ። «መልሰው ከጫኑት ደግሞ አሁኑኑ ይደመሰሳሉ፤ እንዳይሞክሩት።»

«ታዲያ ምን ይሻላል?»

«እሱን የጨዋታው ሕግ ነው የሚያውቀው።»

ሕጉን የሚያውቁት ጋሽ ያፌት ነበሩ። ቀዬ ውስጥ ለቀስተኛ ከድንኳን የሚወጣው ሐዘንተኛው ተነሥቶ ሲያሰናብት ብቻ ነው። ሐዘንተኛው የሚያሰናብተው ደግሞ ካለቀሰ በኋላ ነው። ማስመሰል አይቻልም፤ አንድ ጊዜ ለንፍሮው ብለው በየለቅሶው የሚዞሩ ሰዎች በዝተው ጨዋታው የውሸት ለቅሶ እንዲያውቅ ተደርጓል።

«እኔ አላለቅስም» አልኩ።

«ለምን?» አሉ እትዬ ኤልዳና።

«ተጠናቋል ተብያለሁ።»

ሐጂ ረያን ከበሩ ላይ ጣልቃ ገቡ። «አቦ ናኦድ፣ እኔ እዚያ አንድ የማንጎ ዛፍ አለኝ። ባለቤቴ በሕይወት እያለች የተከለችው ነው። አደራህን።»

እንዲህ ሆኖ ለቅሶ መማር ጀመርኩ።

በመጀመሪያው ቀን የተማርኩት መቀመጥ ነው። እትዬ ኤልዳና ከወንበር አስወረዱኝ። ፍራሽ ወለሉ ላይ አነጠፍኩ፣ ጀርባዬን ለግድግዳው ሰጥቼ ተቀመጥኩ። «እግርህን አትዘርጋ። ስልክህን አጥፋ። እንደዚያ! አሁን ሰው ትመስላለህ» አሉኝ፤ በምን እንደሚያዩኝ ባላውቅም። ቀጥሎ አልቅስ ተባልኩ። ሞከርኩ።

«ይሄ ማሳል ነው» አሉ።

ደግሜ ሞከርኩ።

«ይሄ ደግሞ ምንድን ነው? ያፌት፣ ሰውዬው ጉሮሮው ውስጥ የገባ ነገር አለ እንዴ?»

«ቀስ ይበሉ እትዬ ኤልዳና፣ ጀማሪ ነው» አሉ ጋሽ ያፌት።

ሽንኩርት ላጥኩ። ዓይኔ እንባ አወጣ፤ ቤቱ ግን «ሽንኩርት» አለ፣ ሌላ ምንም አላለም። ሐጂ ረያን ከበሩ ላይ ሆነው እስኪያስነጥሳቸው ሳቁ።

ሐሙስ ዕለት ስለ ኖላዊት ማውራት ጀመሩ። ለቅሶ ቤት የሚደረገው እንዲህ ነው አሉኝ፤ ሰው ይቀመጣል፣ የሟቹ ነገር ይነሣል፣ አንዳንዴም ይሳቃል። እኔ ኖላዊትን የማውቃት ይመስለኝ ነበር። እነሱ የሚያወሯትን ሴት ግን አላውቃትም። ዕቃ ቤቱ ላይ ማንም አይደፍራትም ነበር አሉ። አንድ ጭልፋ ጠፋ ብላ አንድ ሙሉ ሠርግ አቁማለች። ሙሽራው ተዘፍኖለት፣ ሙሽሪት ደጅ ቆማ፣ ኖላዊት በዕቃ ቤቱ በር ላይ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ «ጭልፋው ሳይመጣ ድስት አይወጣም!»

«ተገኘ?» አልኩ።

«ሙሽራው ኪስ ውስጥ» አለ የሳሎኑ አምፖል። «ለማስታወሻ ወስዶት።»

ሳቅሁ። ከተቀበረች ጀምሮ ገና መሳቄ ነው። እትዬ ኤልዳናም ከማጠቢያው ውስጥ፣ በማሽኑ ቆርቆሮ ድምፃቸው እያስተጋባ፣ ሙሾ አወረዱላት፦

ማንኪያ ቆጣሪዋ፣ የዕቃ ቤት እመቤት፣
ማን ይቆጣን ይሆን ጭልፋ የጠፋ ለት?

ያምር ነበር። ጎረቤት ያለው ታንክ እንኳ መተኮሱን አቆመ። እኔ ግን እንባ አልመጣልኝም፤ ደረቴ ላይ አንድ የተዘጋ ነገር አለ፣ እንደ ዛገ ፍሬን። ዕድሜዬን ባቡር ጥገና ስለሠራሁ የዛገ ፍሬን አውቃለሁ። በኃይል ብትመታው ይሰበራል እንጂ አይለቅም።

«አንተስ?» አሉ ጋሽ ያፌት። ሁለት ቀን አብረን ውለን አንቱታው ቀርቶ ነበር። «አንተ አንድ ነገር በል እስቲ። ቤት ውስጥ ምን ዓይነት ነበረች?»

ምን ልበል? አሰብኩ። ቤት ውስጥ ያለ ሰው እኮ አይታይም። «ከሌላው ክፍል ሆና ‘ምን አልክ?’ ትለኝ ነበር» አልኩ። «ምንም ሳልናገር። ‘ምንም አላልኩም’ እላለሁ። ‘ልትል ነበር’ ትላለች።»

«ልትል ነበር?» አሉ እትዬ ኤልዳና።

«ብዙ ጊዜ አዎ። ልል ነበር።»

አምፖሎቹ በሐዘን ደብዘዝ አሉ። እኔ ግን ደረቅ እንደሆንኩ አመሸሁ።

ማታ ጠጂቱ ደወለች። ስልኬን አጥፋ ስለተባልኩ በሩ በኩል ነው የደወለችው፤ ሐጂ ረያን ናቸው ያነሡት።

«ሃሎ፣ አባዬ?»

«አባትሽ ለቅሶ ላይ ነው የኔ ልጅ» አሉ ሐጂ ረያን።

«እርስዎ ማን ነዎት?»

«በሩ ነኝ።»

ካረጋጋኋት በኋላ ነገሩን ከመጀመሪያው ነገርኳት። ከዚያ «አባዬ፣ እኔም አላለቀስኩም» አለችኝ። «ከዚህ ሆኜ ስልኬን ነካሁ፣ ‘መልእክትዎ ደርሷል’ አለኝ። ቢሮ ገባሁ።»

እትዬ ኤልዳና ይህን ሰምተው ማሽኑን ከውስጥ ደበደቡት። «ነገ ትምጣ!» ብለው ጮኹ። «ልጅ የሌለበት ለቅሶ አለ?»

ዓርብ ጠዋት ጠጂቱ በፈጣኑ ባቡር መጣች። ቦርሳዋን ሳታስቀምጥ ጎኔ ፍራሹ ላይ ተቀመጠች። ስለ እድር የምታውቀው ከመጻሕፍት ነው፤ እትዬ ኤልዳና ግን «ኑሪልኝ፤ አቀማመጥሽ የእናትሽ ነው» አሏት፤ ጠጂቱ ወዲያው ማልቀስ ጀመረች። ያን ያህል ቀላል ነበር ለእሷ። ቤቱ «አንድ» አለ። አንድ ሐዘንተኛ አልቅሷል ማለቱ ነው። ሌላው ሐዘንተኛ እኔ ነኝ።

ቀትር ቀረበ። ቤቱ «የጽዳት ሰዓት ተቃርቧል» ብሎ አስታወሰን። አምፖሎቹ መሰናበት ጀመሩ፤ ታንከሩ ውስጥ ያሉት ባልና ሚስት «ከብቶቹን ማን ያስገባቸው ይሆን» እያሉ ይነጋገራሉ። ሐጂ ረያን ስለ ማንጎ ዛፋቸው ለራሳቸው ያንጎራጉራሉ።

«ናኦድ ወንድሜ» አሉ ጋሽ ያፌት ከፍሪጁ ውስጥ። «አንድ ነገር ልበል። ከገባሁ ጀምሮ ዝም ያልኩት ነውር ስለሆነ ነው፤ ሰው ቤት ገብቶ ጓዳ አየሁ አይባልም።»

«ይናገሩ።»

«እዚህ ውስጥ ግማሽ ፓፓያ አለ።»

«አዎ።»

«አንድ አይደለም እኮ። ከላይኛው መደርደሪያ እስከ ታች ግማሽ ግማሽ ፓፓያ ነው። እያንዳንዱ በጥንቃቄ ተሸፍኗል። አንዳንዱ ጠቁሯል። ግማሹ ብቻ ነው የሚበላው፣ ግማሹ ይቀመጣል። ሌላ ምግብ የለም ማለት ይቻላል። የማን ድርሻ ነው ብዬ ነው።»

ተነሥቼ ፍሪጁን ከፈትሁ። እውነታቸውን ነው። በየጠዋቱ አንድ ፓፓያ እቆርጣለሁ፣ ሎሚ እጨምቅበታለሁ፣ ግማሹን በልቼ ግማሹን ሸፍኜ አስቀምጣለሁ። ለምን እንደማስቀምጥ አንድ ቀን አስቤው አላውቅም። እጄ ነው የሚያስቀምጠው። ከተቀበረች ጀምሮ እጄ ማንንም ሳይጠይቅ ሲያስቀምጥ ኖሯል፤ እኔም በየቀኑ ፍሪጁን ስከፍት ዓይኔ ፓፓያዎቹን አልፎ ውኃውን ብቻ ያያል።

«አባዬ» አለች ጠጂቱ ከኋላዬ።

«ድርሻዋ ነው» አልኩ።

ከዚያ በኋላ ያለውን በደንብ አላስታውሰውም። የፍሪጁን በር ይዤ ወለሉ ላይ እንደተቀመጥኩ፣ ቅዝቃዜው ፊቴን ሲመታው፣ ከደረቴ የወጣው ድምፅ የኔ መሆኑን ለማመን እንደተቸገርኩ አስታውሳለሁ። እትዬ ኤልዳና «እሰይ! እንደዚያ! አውጣው!» ይላሉ እያለቀሱ። ጋሽ ያፌት «አይዞህ» ይላሉ፣ እሳቸውም ያለቅሳሉ፤ ፍሪጅ ሲያለቅስ ሞተሩ ይንቀጠቀጣል። ጠጂቱ ጀርባዬን ታሻሽ ነበር። እጅ ነበር ጀርባዬ ላይ የነበረው፤ የሰው እጅ።

ቤቱ «ሁለት» አለ።

«ተነሥና አሰናብተን» አሉ ጋሽ ያፌት። «ጊዜ የለም።»

ተነሣሁ። ምን እንደሚባል በጆሮዬ አስተማሩኝ፣ እኔም ተከትዬ አልኩት፦ «ስለመጣችሁ፣ ስለተቀመጣችሁልን እግዚአብሔር ይስጥልን። እናንተን ክፉ አይንካችሁ። ብድራችሁን በደስታ እንድንመልስ ያብቃን።» የመጨረሻዋን ስናገር እትዬ ኤልዳና «አሜን፣ ግን ለቅሶም ቢሆን ብድር ነው፤ እንዳትረሳ» አሉ።

አወጣጣቸው እንደ ሰው ነበር። አንድ ባንድ፣ ከየአምፖሉ፣ ከታንከሩ፣ እግር ሳይኖራቸው ኮቴ እያሰሙ፣ በበሩ በኩል። ሐጂ ረያን እያንዳንዱን «በሰላም ግባ» እያሉ ሸኙ፣ በመጨረሻ በሩ ራሱ ተከፈተና ተዘጋ። እትዬ ኤልዳና የኖላዊትን ድንኳንና ድስቶች ተረክበው ወጡ፤ አዲሷ ዕቃ ቤት ኃላፊ እሳቸው ሆኑ። «ጭልፋ ቢጠፋ አንተን ነው የምይዘው» አሉኝ። ጋሽ ያፌት ከፍሪጁ የወጡት መጨረሻ ላይ ነው። «ፓፓያውን ጣለው ወንድሜ» አሉ። «አሁን መጣል ትችላለህ።»

ቤቱ ራሱን አጸዳና «ምንም ቀሪ የለም» አለ።

ጠጂቱና እኔ ፓፓያዎቹን አወጣን። ትኩስ ያለውን አንዱን ግማሽ ለሁለት ከፍለን በላነው።

ጸጥታው ክረምቱን ሙሉ ቆየ። የፈለግሁት ጸጥታ ነው፣ አገኘሁት፤ ስለ እሱ ምንም አላማርርም። ከዚያ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ጋሽ ያፌት በስልክ ደወሉ። የእትዬ ኤልዳና ባለቤት አርፈው ነበር።

«ጅማ ልሂድ?» አልኳቸው።

«ጅማ ያለው ሶፋ ነው» አሉኝ። «ድንኳኑ ነገ ጠዋት ነው የሚተከለው።»

ለጠጂቱ ደወልኩላት።

«መልሰህ ልትጭነው ነው? አባዬ፣ ስንት መከራ አይተን ነቀልነው እኮ!»

«ለቅሶ አለብኝ» አልኳት። «ጥቁሩን ሸሚዝ ልበሰው» አለችኝ።

ጥቁሩን ሸሚዝ ለብሼ መዳፌን ግድግዳው ላይ አደረግሁ። ቀዬ ገባ። ከዓይኔ ፊት ሰፊ ሜዳ፣ ዛፎች፣ ርቀት ላይ አንድ ነጭ ድንኳን። መራመድ አልቻልኩም። ኖላዊት ወለል ስትጠርግ ትራመድ እንደነበረ ትዝ ሲለኝ መጥረጊያ አነሣሁ። ሳሎኑን ጠረግሁ፣ ጥቂት ሄድኩ። ኮሪደሩን ስጠርግ ግራር ጋር ተላተምሁ። በጣም ስፈጥን አንድ የሰው ማሳ ውስጥ ገባሁ፤ የሰው ጤፍ ረግጬ ይቅርታ እየጠየቅሁ ወጣሁ። ሰዎች አልፈውኝ ይሄዳሉ፣ ዞረው ያዩኛል፣ አንዱ «በጎንህ ጥረግ፣ በጎንህ!» አለኝ። መኝታ ቤቱን ሁለት ጊዜ፣ ወጥ ቤቱን ሦስት ጊዜ ጠርጌ፣ ላብ አጥምቆኝ፣ ድንኳኑ ደጃፍ ደረስኩ።

እትዬ ኤልዳና መሐል ላይ፣ መሬት ላይ ነበሩ። በጆሮዬ የማውቃቸው ሴትዮ ቀጭን፣ ትንሽ፣ በነጠላ የተጠቀለሉ ሆኑብኝ። ቀና ብለው አዩኝ። ዓይናቸው ቀልቷል።

«ቆየህ» አሉኝ።

«መራመድ አላወቅሁበትም እትዬ።»

«ማን ያውቅበታል» አሉና ጠጋ አሉልኝ።